የትኛው መሬት? በሁከት ይወገድልኝና በዕግድ ክርክር አከራካሪውን ይዞታ ስለ መለየትና ስለ መለካት ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ከወረዳ ፍርድ ቤት መዝገቦች መካከል «ሁከት ይወገድልኝ» የማይጠፋ ክስ ነው። ጎረቤት ድንበር ገፍቶ አረሰ፣ አጥር አፍርሶ ገባ፣ መተላለፊያ ላይ ድንጋይ ከመረ። ሲሰሙት ቀላል ይመስላል። ብዙውን ጊዜ ግን የሚበላሸው በሕግ ክርክር አይደለም፤ ዳኛው «የተነካው መሬት የትኛው ነው?» ብለው ሲጠይቁ ቁርጥ ያለ መልስ የሚሰጥ ሰው በመጥፋቱ ነው። ከዚህ በታች ያሉት ባለጉዳዮች ቢሮ ድረስ መጥተው፣ አንዳንዴም ችሎት ደጃፍ ላይ አቁመው የሚጠይቁኝ ጥያቄዎች ናቸው።

ክሴ ሁከት እንዲወገድልኝ ብቻ ነው። መሬቱ መለካቱ ለምን ያስፈልጋል?

ሁልጊዜ አያስፈልግም። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1149 መሠረት ይዞታው የተነጠቀበት ወይም ሁከት የተፈጠረበት ሰው የተወሰደው እንዲመለስለት ወይም ሁከቱ እንዲወገድለት መጠየቅ ይችላል። ዋናው ጭብጥ መሬቱን በእጁ አድርጎ ይጠቀም የነበረው ማን ነው የሚለው ነው። ጎረቤትዎ ሙሉውን ማሳ ከነአጥሩ ከያዘብዎት፣ ማሳው የቱ እንደሆነም ሁለታችሁ ካልተካካዳችሁ፣ ምስክር ይበቃል፤ ሜትር የሚያስዘረጋ ነገር የለም።

ልኬት የሚያስፈልገው ተከሳሹ ከሁለት አንዱን ሲል ነው። አንደኛው «እኔ ያረስሁት የራሴን ነው፤ የእሱ ከድንበሩ ወዲያ ነው» ሲል። ሁለተኛው «እሱ የሚለው መሬትና እኔ የያዝሁት መሬት የተለያዩ ናቸው» ሲል። በእነዚህ ጊዜ ምስክር መቶ ቢቆጠር «የእሱ ነው» ከማለት አያልፍም። «የእሱ» የተባለው የት ተጀምሮ የት እንደሚያልቅ የሚታየው መሬቱ ላይ ነው።

አንድ ነገር ሳልጠቅስ አላልፍም፦ ይኸው አንቀጽ ክሱ ሁከቱ ከተፈጠረበት ቀን ጀምሮ በሁለት ዓመት ውስጥ ካልቀረበ ይታገዳል ይላል። ልኬት ሲጠብቁ፣ ሽማግሌ ሲለምኑ ሁለቱ ዓመት ያለፈባቸው ሰዎች ጥቂት አይደሉም። ከዚያ በኋላ ያለው መንገድ በመብት ላይ የተመሠረተ ሌላ ክስ ነው፤ እሱ ደግሞ ረጅም ነው።

በክስ ማመልከቻው ላይ መሬቱን እንዴት ልግለጸው?

አብዛኛው ክስ እንዲህ ይጀምራል፦ «በእገሌ ቀበሌ ልዩ ስሙ እገሌ ከሚባለው ቦታ የሚገኘውን ይዞታዬን ድንበር ገፍቶ ስለያዘብኝ…»። ከዚያ አራቱ አዋሳኞች ይዘረዘራሉ። ችግሩ የሚዘረዘሩት የሙሉው ይዞታ አዋሳኞች መሆናቸው ነው። የተገፋው ግን አንድ ጎን ላይ ያለች ቁራጭ ናት። ፍርድ ቤቱ በአዋሳኞቹ ተመርቶ «ተከሳሽ ይዞታውን ይልቀቅ» ቢል ምን ይልቀቅ? ሙሉውን ማሳ አልያዘም፤ የያዘው ቁራጭ ደግሞ በፍርዱ ላይ አልተጻፈም።

ስለዚህ ሁለቱን ለያይተው ይጻፉ። መጀመሪያ ሙሉው ይዞታ፦ የይዞታ ደብተር ወይም የካርታ ቁጥሩ፣ ሁለተኛ ደረጃ ልኬት (ማሳው በካርታ ላይ የሚሰፍርበት አዲሱ ልኬት) የተደረገበት ከሆነ የማሳው መለያ ቁጥር፣ አራቱ አዋሳኞች። ቀጥሎ የተነካው ቁራጭ፦ በየትኛው ጎን እንዳለ፣ ርዝመቱና ስፋቱ በግምትም ቢሆን፣ በምን ምልክት መካከል እንደሚገኝ። «በምዕራብ በኩል፣ ከግራሩ ጉቶ አንሥቶ እስከ ቦዩ ድረስ፣ ርዝመቱ 46 ሜትር ገደማ፣ ስፋቱ በራስጌ 1.80 ሜትር ሆኖ ወደ ግርጌ እየጠበበ የሚሄድ» የሚል ዐረፍተ ነገር አራት ገጽ ከሚሞላ እሮሮ ይበልጣል። በእጅ የተሣለ ንድፍም ያያይዙ። ሥዕሉ ማማሩ ሳይሆን ሰሜን በየት በኩል እንደሆነ መጻፉ ነው ቁም ነገሩ።

አዋሳኝ ሲጽፉ አቅጣጫውን ያጣሩ። ፀሐይ መውጫና መግቢያ ብለው ያደጉ ሰዎች ምሥራቅና ምዕራብን አይስቱም፤ ሰሜንና ደቡብን ግን ጸሐፊው ጋ ሲደርሱ የሚያቀያይሩ ብዙ ናቸው። ስሞቹም ያረጃሉ። ደብተሩ ላይ አዋሳኝ ተብለው የተመዘገቡት ሰው ሞተው መሬታቸውን ዛሬ ልጃቸው ይዞት ይሆናል። «በደብተሩ ላይ በአባትየው ስም የተመዘገበው፣ አሁን በወራሹ የተያዘው» ብሎ መጻፍ ተከሳሹ ኋላ «ይህማ ሌላ መሬት ነው» እንዳይል በር ይዘጋል።

ደብተሬ 1 ሄክታር ይላል። አዲሱ ልኬት 0.93 አወጣው። ሰባት መቶ ካሬ ሜትሬን ጎረቤቴ ወስዶታል ማለት ነው?

አይደለም። ወስዶት ሊሆን ይችላል፤ ቁጥሩ ብቻውን ግን ይህን አያሳይም። በዚህ ጥያቄ ላይ ጊዜ የማጠፋው ብዙ ጠብ የሚነሣው ከዚሁ ስለሆነ ነው።

የመጀመሪያው ደረጃ የገጠር መሬት ምዝገባ በትግራይ በ1990 ዓ.ም. ገደማ፣ በአማራ ክልል ደግሞ በ1995 ዓ.ም. ገደማ ሲጀመር መሬቱ በአመዛኙ የተለካው በገመድ ነው። ገመድ ሁለት ነገር አያውቅም።

ተዳፋት አያውቅም። ገመዱ የሚዘረጋው መሬቱን ተከትሎ ነው። ካርታ ግን የሚለካው አግድሙን ነው። በየ100 ሜትሩ አግድም 30 ሜትር ከፍ በሚል ተዳፋት ላይ በገመድ 100 ሜትር ያሉት ጎን በካርታ ላይ 96 ሜትር አይሞላም። አንድ ስንዝር ሳይነካ ከስፋቱ ከመቶ አራት እጁ በወረቀት ላይ ጠፋ ማለት ነው።

ማዕዘንም አያውቅም። አራቱን ጎን ለክቶ፣ የተቃራኒ ጎኖችን አማካይ ወስዶ ማባዛት የተለመደ ዘዴ ነበር። ጎኖቹ 50፣ 40፣ 50፣ 40 ሜትር የሆነ ማሳ እውነተኛ አራት ማዕዘን ከሆነ 2,000 ካሬ ሜትር ነው። ያው ማሳ፣ በእነዚያው ጎኖች፣ ገደድ ብሎ አንዱ ማዕዘኑ 60 ዲግሪ ቢሆን ስፋቱ 1,732 ካሬ ሜትር ብቻ ነው። የገመዱ ስሌት ለሁለቱም 2,000 ይላል። ይህ ዘዴ ሲሳሳት ምንጊዜም ወደ ላይ ነው፤ ማሳን አሳንሶ አያውቅም። የአሮጌው ደብተር ቁጥር ከአዲሱ የሚበልጠው ብዙ ጊዜ በዚህ ምክንያት ነው።

መፍትሔው የእርስዎን ማሳ ደጋግሞ ማስለካት አይደለም፤ የጎረቤትዎንም አብሮ ማስለካት ነው። የእርስዎ ከደብተሩ ጎድሎ የእሱ ከደብተሩ ተርፎ ከተገኘ፣ ትርፉም በጋራ ድንበራችሁ በኩል ከሆነ፣ ክስዎ እግር አለው። የሁለታችሁም ከደብተራችሁ ካነሰ ጥፋቱ የገመዱ ነው። በአንድ ጉዳይ አምስት አዋሳኞች ሁሉም «ጎደለብን» ብለው እርስ በርስ ተካሰው አይቻለሁ። የአምስቱም መሬት ያለው ዳገት ላይ ነበር።

በጥማድ ልግለጸው?

በንግግር ይግለጹት፤ በክስ ላይ ግን ብቻውን አይበቃም። ጥማድ አንድ ጥንድ በሬ በቀን የሚያርሰው ነው። አራቱ አንድ ሄክታር ተብሎ ቢታሰብም እንደ አፈሩ፣ እንደ ዳገቱና እንደ በሬው ይለያያል።

በስልኬ ጂፒኤስ ብለካውስ?

ማሳው የት አካባቢ እንዳለ ለማሳየት ይጠቅማል። ድንበር ለመቁረጥ ግን አይሆንም። ስልክም ሆነ በእጅ የሚያዝ ተራ ጂፒኤስ ሜዳ ላይ ሳይቀር ብዙ ሜትር ሊስት ይችላል፤ የተጣላችሁበት ደግሞ ሁለት ሜትር የማትሞላ ቁራጭ ናት። ለዚያ በሴንቲ ሜትር የሚለካ መሣሪያ፣ ቶታል ስቴሽን ወይም የማረሚያ ምልክት የሚቀበል ጂፒኤስ፣ ያስፈልጋል። እሱ ከሌለ አንድ የማያከራክር ቋሚ ምልክት መርጦ ከዚያ በሜትር መለካት ከስልክ ይሻላል።

ሌላም ወጥመድ አለ። በአገራችን ብዙ የቆዩ ካርታዎች የተሠሩት አዲንዳን በሚባለው የመነሻ ሥርዓት ነው፤ የመነሻ ሥርዓት ማለት የካርታ ነጥቦች ከየት ተነሥተው እንደሚቆጠሩ የሚወስነው ነው። ስልክ ደግሞ ነጥቡን የሚሰጠው ደብልዩ ጂ ኤስ 84 በሚባለው ነው። አንዱን ነጥብ ሳያስተካክሉ ሌላው ካርታ ላይ ቢያሳርፉት ወደ ሁለት መቶ ሜትር ገደማ ይሸሻል። አንድ ባለጉዳይ ካርታውን በስልክ ፈትሾ «ቤቴ ወንዙ ማዶ ሄዷል» እያለ ደንግጦ መጥቶ ነበር። ቤቱ የትም አልሄደም። ሪፖርት ሲደርስዎ ነጥቦቹ በየትኛው ሥርዓት እንደተወሰዱ መጻፉን ይዩ።

ፍርድ ቤቱ ባለሙያ እንዲልክ እንዴት ልጠይቅ?

በጽሑፍ፣ በተቻለ መጠን ከክሱ ወይም ከመልሱ ጋር። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ፍርድ ቤቱ ቦታው ድረስ ሄዶ የሚያጣራ ሰው እንዲሾምም ሆነ ባለሙያ እንዲያዝ ይፈቅድለታል፤ በተግባር አንቀጽ 132 እና 136 ይጠቀሳሉ። ወጪውን በመጀመሪያ የሚያስይዘው ብዙውን ጊዜ ጠያቂው ነው። ይህን ሳያውቁ «ይለካልኝ» ብለው ትዕዛዙ ከወጣ በኋላ ገንዘቡን ባለማቅረባቸው ማስረጃቸው የሚታለፍባቸው አሉ።

ከሁሉ በላይ የሚያሳስበኝ የትዕዛዙ አጻጻፍ ነው። «አከራካሪው መሬት የማን እንደሆነ ተጣርቶ ይላክልን» የሚል ትዕዛዝ ለወረዳው መሬት ጽሕፈት ቤት ሲጻፍ ደጋግሜ አይቻለሁ። ይህማ የዳኛውን ሥራ ለቀያሽ ማስረከብ ነው። ባለሙያውም «የከሳሽ ነው» ብሎ በሦስት መስመር ይመልሳል፤ ጉዳዩ ይግባኝ ይደርሳል፤ ይግባኝ ሰሚው በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 343(1) ጭብጥ ይዞ ለሥር ፍርድ ቤቱ ይመልሰዋል፤ ሁለት ክረምት ያልፋል።

ስለዚህ ነጥቦቹን እርስዎ አርቅቀው ያቅርቡ። ከሳሽ «ይህ ነው» ብሎ የሚያሳየው መስመር የት እንደሆነ፤ ተከሳሽ «ይህ ነው» የሚለው መስመር የት እንደሆነ፤ በሁለቱ መስመሮች መካከል ያለው ቁራጭ ርዝመት፣ ስፋትና ካሬ ሜትር፤ ይህ ቁራጭ በማኅደር ባለው ካርታ በማን ማሳ ውስጥ እንደሚወድቅ፤ የሁለቱም ይዞታ ጠቅላላ ስፋት ከየደብተራቸው ጋር ሲነጻጸር፤ መሬቱ ላይ ምን የቆየ ምልክት እንዳለ። እነዚህ ሁሉ ዓይንና ሜትር የሚመልሷቸው ናቸው። ማን ይዞት ነበር የሚለው ለምስክር፣ ማን ይረታል የሚለው ለዳኛ ይቀራል።

በልኬቱ ቀን ምን ላድርግ?

ይገኙ። ቅሬታዎች የሚበዙት «በሌለሁበት ተለካ» በሚል ነው፤ ግማሾቹ መጥሪያ ደርሷቸው የቀሩ ናቸው። መጥሪያው ካልደረሰዎት ግን ቅሬታዎ እውነተኛ ነው፤ ወዲያው ያመልክቱ።

ቦታው ላይ ቀያሹ መጀመሪያ «ድንበርህ የቱ ነው?» ብሎ ይጠይቅዎታል። በጣትዎ ከሩቅ አያመልክቱ፤ መስመሩን በእግርዎ ይሂዱበት። አንድ ጊዜ ከሳሹ፣ ዕድሜያቸው የገፋ ሰው፣ ከዘራቸውን ይዘው ሲሄዱ ማሳው መካከል ቆም አሉ። አጥሩ ቅንጭብ ነበር፤ እሱን ተከትለው ቢሄዱ ክሳቸው ባዶ ይሆን ነበር፤ ምክንያቱም ቅንጭቡን የተከለው ተከሳሹ ነው። ከአጥሩ አልፈው ሁለት እርምጃ ገቡና «እዚህ ቆፍሩ» አሉ። ክንድ በማይሞላ ጥልቀት ደለል የዋጠው የወሰን ድንጋይ ወጣ። ተከሳሹ ምንም አላለም። ቀያሹ ሜትሩን ሲዘረጋ ከድንጋዩ እስከ ቅንጭቡ 1.80 ሜትር ሆነ፤ በግርጌ በኩል ግን ሁለቱ መስመሮች ይገናኛሉ። የተገፋው ቀጭን ሦስት ማዕዘን፣ 41 ካሬ ሜትር ከምናምን ነበር። አራት ዓመት የተሟገቱት ለዚህ ነው።

የድንጋዩ መውጣት ግን ዋጋ ያገኘው በቃለ ጉባኤ ስለተጻፈ ነው፦ ማን አሳየ፣ ማን ቆፈረ፣ በምን ያህል ጥልቀት፣ ማን ነበር። ቃለ ጉባኤው ሳይነበብልዎ አይፈርሙ። የማይስማሙበት ካለ ፊርማ ከመከልከል ይልቅ ልዩነትዎን አስጽፈው ይፈርሙ። የአዋሳኝ ጎረቤቶችም ቢኖሩ ጥሩ ነው፤ በተለይ ከሁለታችሁም ጋር የሚዋሰን ሰው፤ ለማንም ባያዳላ የራሱን ድንበር ሲያሳይ የእናንተንም አብሮ ማሳየቱ አይቀርም።

የባለሙያው ሪፖርት የተሳሳተ ከሆነስ?

ሪፖርት ማስረጃ ነው፤ ፍርድ አይደለም። ባለሙያው ችሎት ቀርቦ እንዲጠየቅ ያመልክቱ። «አድልቷል» ብሎ መጮህ አይረዳም። ከየትኛው ነጥብ ተነሣህ? በምን መሣሪያ? ሰያፉን፣ ማለትም ከማዕዘን እስከ ተቃራኒው ማዕዘን ያለውን፣ ለክተሃል? የተከሳሹን ማሳስ? ሰያፍ ካልተለካ፣ የነጥብ መጋጠሚያዎችም ካልተወሰዱ፣ ከላይ ባየነው የ50 በ40 ማሳ ላይ እንደሆነው ስፋቱ ግምት ነው። ፍርድ ቤቱ ካመነበት ሌላ ባለሙያ ያዛል፤ ዳኞቹ ራሳቸው ቦታውን የሚያዩበትም ጊዜ አለ።

ልኬቱ እስኪያልቅ ቤት ሠርቶ ይጨርሳል። ዕግድ ማግኘት እችላለሁ?

ይችላሉ። የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 154 ክርክር የተነሣበት ንብረት ሊበላሽ፣ ሊጎዳ ወይም ለሌላ ሊተላለፍ ይችላል ተብሎ ሲሠጋ ጊዜያዊ ዕግድ እንዲሰጥ ይፈቅዳል። ለዕግዱ የተጣራ ልኬት አይጠበቅም፤ የቦታው መለየት ግን ይጠበቃል። «በይዞታው ላይ ምንም እንዳይሠራ» የሚል ዕግድ ተከሳሹን ከራሱ ጓሮም ያግደዋል፤ እሱም ይህን ይዞ ዕግዱ እንዲነሣ ያመለክታል፤ ብዙ ጊዜም ይሳካለታል። ቁራጯን በምልክት ከልለው፣ ቀን ያለበት ፎቶግራፍ አያይዘው፣ «በዚህች ላይ ብቻ» ብለው ይጠይቁ። ጠበብ ያለ ዕግድ ዕድሜው ይረዝማል።

ማሳው ላይ ሰብል ካለ እሱንም አብረው ያንሡ። ስለ አጨዳው ዝም ያለ ዕግድ በኅዳር ወር አዲስ ጠብ ይወልዳል።

ከተማ ውስጥስ?

መርሁ ያው ነው፤ ወረቀቱ ይለያል። ካርታ ካለ የማዕዘን ነጥቦቹ ተጽፈዋልና ቀያሹ መሬት ላይ ያወርዳቸዋል። በካዳስተር፣ ማለትም ይዞታዎች ተለክተው በካርታ በሚመዘገቡበት ሥርዓት፣ የተረጋገጠና የተመዘገበ ይዞታ ከሆነ ደግሞ ሥራው ይቀላል። አዲስ አበባ ውስጥ በሰነድ አልባ ይዞታዎች ክርክር የ1988 ዓ.ም. የአየር ፎቶና የ1997 ዓ.ም. የመስመር ካርታ ይጠቀሳሉ፤ አጥሩ በዚያን ጊዜ የት እንደነበረ ያሳያሉና። ነገር ግን ከላይ ሲታይ የቆርቆሮ ክፈፍ ከግድግዳው አልፎ እንደሚወጣ አይርሱ። ጣሪያውን ግድግዳ አድርጎ የለካ ሪፖርት አጋጥሞኛል።

የምኖረው ውጭ አገር ነው። ወኪሌ ድንበሩን ማሳየት ይችላል?

በሕግ ይወክልዎታል፤ አይቶት የማያውቀውን ድንበር ግን ሊያሳይ አይችልም። ከዋሽንግተንም ይሁን ከዱባይ ውክልና ሲልኩ ማሳውን ያረሰውን ወይም ግቢውን የጠበቀውን ሰው ስምም አብረው ይላኩ፤ በልኬቱ ቀን መስመሩን የሚሄድበት እሱ ነው።

ተፈርዶልኛል፤ አፈጻጸም ላይ ግን «ቦታው አልታወቀም» ተባልሁ። ምን ይሻላል?

የፍርዱን የመጨረሻ ክፍል ያንብቡ። የባለሙያው ንድፍና ቁጥሮቹ እዚያ ካልገቡ ወይም «ተያይዞ ባለው ንድፍ መሠረት» ካልተባለ፣ የአፈጻጸም ሠራተኛው ማሳው ዳር ቆሞ ግራ ቢጋባ አይፈረድበትም። ንድፉ መዝገቡ ውስጥ ካለ ፍርዱ በእሱ መሠረት እንዲፈጸም ለዚያው ፍርድ ቤት ያመልክቱ። ንድፍ ጭራሽ ካልተሠራ ለአፈጻጸሙ ሲባል ባለሙያ እንዲላክ መጠየቅ ይኖርብዎታል፤ ተከሳሹም ክርክሩን እዚያው እንደገና ለመክፈት ይሞክራል።

በአፈጻጸሙ ቀን ችካል ብቻ አያስመቱ፤ ችካል በአንድ ሌሊት ይነቀላል። ድንጋይ ያስቀብሩ፤ ከእያንዳንዱ ድንጋይ እስከ አንድ ቋሚ ነገር፣ ለምሳሌ እስከ ቤት ማዕዘን ወይም እስከ ድልድይ፣ ያለው ርቀት ተለክቶ በቃለ ጉባኤው ይስፈር። የቃለ ጉባኤውን ግልባጭ ከደብተርዎ ጋር በአንድ ፌስታል ጠቅልለው ያስቀምጡ፤ አይጥ የማይደርስበት ቦታ።